በሳምንት 7 ዶላር ከ99 ሳንቲም ሌባ ሊያሰኘኝ ነበር!

ከቤት ውስጥ ገንዘብ ሲጎድል መጀመሪያ የሚታየው ማነው? እስቲ እጃችሁን ልባችሁ ላይ አድርጉና መልሱልኝ። አባወራው? አይደለም። እመቤቲቱ? እሷም አይደለችም። ልጆቹ? «እነሱ ምን ያውቃሉ!» ይባላል። ዓይን ሁሉ የሚዞረው ወደ ሠራተኛዋ፣ ወደ እንግዳው፣ ከሩቅ መጥቶ ወደተጠጋው ዘመድ ነው። ይሄ አመላችን አዲስ አበባ ብቻ ያለ እንዳይመስላችሁ። ባሕር ተሻግሮ አሜሪካም ገብቷል። እኔንም ያገኘኝ እዚያው ነው።

ታዲያ ለጥርጣሬው ምክንያት የሆነው የተሰበረ ሣጥን ወይም የጠፋ የወርቅ ሐብል አልነበረም። አንድ የባንክ ወረቀት ነው። ስቴትመንት የሚሉት፣ በየወሩ የገባውንና የወጣውን ዘርዝሮ የሚያመጣው ወረቀት። እዚያ ላይ የሰፈረች አንዲት የማትታወቅ መስመር ሥጋ ዘመድን እንዴት እንደምታቃቅር ልንገራችሁ። ካርድና ስልክ ያላችሁ ሁሉ ስሙኝ፤ ነገ የእናንተም ተራ ሊሆን ይችላልና።

ማክሰኞ ማክሰኞ የሚመጣው ሒሳብ

ነገሩ እንዲህ ነው። ዲቪ ደርሶኝ በፈረንጆቹ 2024 አሜሪካ ስገባ ያረፍኩት የእናቴ ታናሽ እህት ቤት ነው፤ ሜሪላንድ ውስጥ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ ጥግ ባለችው፣ ሐበሻ በሚበዛባት በሲልቨር ስፕሪንግ። አክስቴ አረጋውያን በመንከባከብ ሥራ ላይ ናት። ባለቤቷ፣ እኔ ጋሼ የምላቸው፣ በመኪናቸው ሰው ያመላልሳሉ። አንድ የስድስት ዓመት ወንድ ልጅ አላቸው። አቀባበላቸው ዛሬም ከዓይኔ አይጠፋም። ዶሮው፣ እንጀራው፣ ጎረቤቱ ሁሉ! ለማደሪያ የተሰጠኝ ደግሞ ምድር ቤቱ ነው። ልጁ ካርቱን የሚያይበት ትልቁ ቴሌቪዥን እዚያ ስለነበር፣ እኔ ስገባበት እሱ ለቀቀልኝ። ይቺን ነገር ያዙልኝ፣ ኋላ ትመጣለች።

በመጣሁ ሰሞን አክስቴ ስልኬ ላይ ሒሳብ እንድሞላ የባንክ ካርዷን ሰጥታኛለች። አንድ ጊዜ ብቻ። እሷም አጠገቤ ቁጭ ብላ ነበር።

በአራተኛው ወር፣ አንድ እሁድ ቡና እየተጠጣ፣ አክስቴ የባንኩን ወረቀት ከፍታ ታነብ ጀመር። ፊቷ ተለዋወጠ። ያለፉትን ወራትም አምጥታ ደረደረች። በየሳምንቱ ማክሰኞ ማክሰኞ አንድ ዓይነት ስም፣ አንድ ዓይነት ቁጥር፦ 7 ዶላር ከ99። ቆጠረችው፣ 17 ጊዜ። ተደመረ፣ 135 ዶላር ከ83 ሳንቲም። የአረጋዊ አልጋ ስታነጥፍና ስታነሳ ለምትውል ሴት ይሄ ቀላል ገንዘብ አይደለም።

መጀመሪያ የተፋጠጡት ባልና ሚስቱ ናቸው። አክስቴ ሥራ ቦታ ስለ ፍቅረኛ ማገናኛ አፖች የማትሰማው ጉድ የለም። «ደግሞ በዚህ ዕድሜህ!» አለቻቸው። ጋሼ በሚካኤል ምለው ተገዘቱ። ከዚያ ዝም ዝም ሆነ። ዝምታው ውስጥ ቀን ተቆጠረ። ሒሳቡ መቆረጥ የጀመረው መቼ ነው? እኔ ከገባሁ በዘጠነኛው ቀን!

አቤት! እንዲያ ያለ ዝምታ አይግጠማችሁ።

ማንም ሌባ አላለኝም። ቢሉኝ በተሻለኝ ነበር፤ እመልስ ነበር። ግን ሳሎን ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥ የነበረው የአክስቴ ቦርሳ ከዚያ ቀን ጀምሮ መኝታ ቤት ገባ። «ስልክሽ ላይ የኔ ካርድ አሁንም አለ እንዴ?» አለችኝ፣ ነገሩን ቀለል አድርጋ። ስልኬን ሰጠኋት። አየችው፣ ምንም የለም። የለም ማለቱ ግን አላሳረፋትም። «አጥፍታው ይሆናል» ብላ እንዳሰበች ከዓይኗ ገባኝ።

በሳምንቱ እናቴ ከአዲስ አበባ ደወለች። ድምፅዋ ልክ አልነበረም። «ልጄ፣ ገንዘብ ካነሰሽ ለምን አትጠይቂም?» አለችኝ። እህቷ ነግራታለች ማለት ነው። ያን ሌሊት ምድር ቤቴ ውስጥ ተቀምጬ፣ ሻንጣዬን ልያዝና ልውጣ ብዬ ነበር። ኋላ ግን አሰብኩት፤ ሳይጣራ ብወጣ ጥርጣሬው ይፀድቃል። «ሳይርቅ በቅርቡ፣ ሳይደርቅ በእርጥቡ» ይባል የለ? ጠዋት አክስቴን «ወረቀቱን ስጪኝ» አልኳት።

ወረቀቱ ያልተናገረው

ወረቀቱ ላይ የተጻፈው የገዛነው ዕቃ ስም አይደለም። አፖቹ የሚወርዱበት የስልኩ መደብር ስም ነው። ይሄን ማወቅ ብዙ ጠብ ያስቀራል። መርካቶ ገብታችሁ ወጥታችሁ «መርካቶ፣ ይህን ያህል ብር» ብቻ የሚል ደረሰኝ ቢሰጣችሁ፣ ጫማ ይሁን ሽንኩርት በምን ይታወቃል? ባዶውን ቦታ የሚሞላው የአንባቢው ሐሳብ ነው። አክስቴ መጀመሪያ የሞላችው በቅናት፣ ቀጥሎ በእንግዳ ጥርጣሬ ነው።

«ደረሰኙ ኢሜይልሽ ላይ ይኖራል፣ እንክፈተው» አልኳት። ኢሜይሏን የከፈተላት ስልኩን የሸጠላት ልጅ ነው፤ እሷ ገብታበት አታውቅም። ስንት ደቂቃ ፓስዎርድ ስንፈልግ ቆይተን ተከፈተ። ምን እናያለን! 17 ደረሰኝ፣ አንዱም ሳይነበብ፣ ማክሰኞ ማክሰኞ ተደርድሯል። የተገዛው ደግሞ ተጽፏል፦ የልጆች ሥዕል ማቅለሚያ ጨዋታ። የመጀመሪያው ሦስት ቀን በነፃ፣ ከዚያ በየሳምንቱ 7 ዶላር ከ99።

ልጁ ተጠራ። «ፍሪ ነው ያለው እኮ!» አለ፣ ዓይኑን አፍጥጦ። እውነቱን ነው፤ ነፃ ይላል። የክፍያው ነገር ከሥር በደቃቅ ፊደል ነው የተጻፈው፤ እሱ ደግሞ ገና ፊደል እየቆጠረ ነው። ምድር ቤቱ ለእኔ ሲሰጥ፣ ቴሌቪዥኑን ላጣው ልጅ ማካካሻ የተሰጠው የእናቱ አሮጌ ስልክ ነበር። ስልኩ ውስጥ የእናቱ ስም፣ ካርዷና ፓስዎርዷ እንዳሉ አሉ። ለካስ ሒሳቡና እኔ አብረን የመጣነው በዚህ ምክንያት ኖሯል! የቀኑ መገጣጠም ውሸት አልነበረም፤ ትርጉሙ ነው የተሳሳተው።

ጋሼ ስልኩን ነጥቀው ጨዋታውን አጠፉት። «በቃ፣ አለቀ!» አሉ። አላለቀም። ብዙ ሰው የሚሸወደው እዚህ ላይ ነው። አፑን ከስልክ ማጥፋት ክፍያውን አያቆምም። ወደ ባለሱቁ መሄድ ስለተዋችሁ የዱቤ መዝገቡ ላይ ስማችሁ ይሰረዛል? አይሰረዝም። መዝገቡ ጋ ሄዶ ማሰረዝ ነው። አሰረዝነው። ገንዘቡ እንዲመለስም ለመደብሩ አመለከትን። የመጨረሻዎቹን አራት ሳምንታት፣ 31 ዶላር ከ96 መለሰልን። ሌላው ቀለጠ።

አክስቴ ያን ዕለት አዲስ አበባ ደወለች፣ እኔ እየሰማሁ። «እህቴ፣ ልጅሽን በከንቱ አማሁብሽ» አለች። እኔን ግን በቀጥታ ይቅርታ አልጠየቀችኝም። ቦርሳዋን ሳሎን መለሰችው። በኛ ቤት ይቅርታ እንደዚህ ነው የሚጠየቀው፤ ገብቶኛል። ቢሆንም አንድ ጊዜ ሌባ ተብሎ የታየ ሰው ከዚያ በኋላ የሌላ ሰው ቦርሳ አጠገብ ሲያልፍ እጁን የሚያደርግበት ያጣል። 31 ዶላሩ ተመለሰ። ይሄኛው የሚመለስበት መደብር የለም።

እናንተን ቢገጥማችሁስ?

አንደኛ፣ የመስመሩን ስም አንብቡ። በአፕል ስልክ የተገዛ ከሆነ ወረቀቱ ላይ የሚወጣው የአፕል ስም ብቻ ነው፤ አንዳንዴም የተለያዩ ግዢዎች ተጠቃለው እንደ አንድ ሒሳብ ይመጣሉ። የጉግል ከሆነ ብዙ ጊዜ ከጉግል ስም ቀጥሎ የአፑ ባለቤት ስም ይታከላል። ዝርዝሩ ያለው ኢሜይል ላይ በሚመጣው ደረሰኝ ነው።

ሁለተኛ፣ መዝገቡን ክፈቱ። አይፎን ከሆነ ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ ስማችሁን ስትነኩ «ሰብስክሪፕሽን» የሚል አለ። አንድሮይድ ከሆነ ፕሌይ ስቶር ውስጥ ፎቶአችሁን ስትነኩ ስለ ክፍያና ሰብስክሪፕሽን የሚል ታገኛላችሁ። በየወሩ ወይም በየሳምንቱ የሚበላችሁ ሁሉ እዚያ ተሰልፏል። ነፃ ሙከራ የጀመራችሁት አይፎን ላይ ከሆነ ጊዜው ሊያልቅ ቢያንስ 24 ሰዓት ሲቀረው ሰርዙ። በመጨረሻዋ ደቂቃ መሯሯጥ ዋጋ የለውም።

ሦስተኛ፣ በአንድ ካርድ ስንት ስልክ እንደሚጠቀም ቁጠሩ። አሮጌ ስልክ ለልጅ ወይም ለዘመድ ከመስጠታችሁ በፊት የራሳችሁን ስምና ካርድ አውጡበት። የቤተሰብ መጋራት የሚባለውን ግዢውን ጨምራችሁ ከከፈታችሁ ደግሞ፣ የቤተሰቡ አባል የገዛውን አደራጁ ሊከፍል ይችላል። ግዢ ሲኖር አስቀድሞ እናንተን እንዲጠይቅ ማድረግ ይቻላል፤ አድርጉት።

አራተኛ፣ እናንተም ሆናችሁ ቤተሰባችሁ በጭራሽ ያላዘዛችሁት ከሆነ፣ ያኔ ባንክ ሂዱ። አሜሪካ ላላችሁ ሕጉ ጊዜ ቆርጦ አስቀምጧል፤ ወረቀቱ ከተላከላችሁ በ60 ቀን ውስጥ ማሳወቅ አለባችሁ። ከተቀማጭ ሒሳብ የሚቆርጥ ካርድ ሲሆን ባንኩ በ10 የሥራ ቀን መርምሮ መወሰን አለበት። ተጨማሪ ጊዜ ካስፈለገው፣ በካርድ ለተደረገ ግዢ እስከ 90 ቀን ሊቆይ ይችላል፤ ግን ገንዘቡን ለጊዜው ሒሳባችሁ ውስጥ መልሶ ነው። ስለዚህ ወረቀት ሲመጣ መሳቢያ ውስጥ መወርወር ቀርቶ ማንበብ ነው።

አገር ቤት ያላችሁም አትሳቁብን። በአጭር ቁጥር የሚመጣ መልእክት «እሺ» ተብሎ ተመልሶለት፣ በየቀኑ ሳንቲም ሳንቲም ከስልክ ሒሳብ የሚቆረጥበት ስንት ሰው አለ! ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል የተባለው ለእነሱም ይሠራል። ብልሃቱ ያው ነው፤ ትንሽ ቁጥር ዓይን አይገባም። 7 ዶላር ከ99 ማን ይቆጥራል? ዓመቱን ሙሉ ግን 415 ዶላር ከ48 ነው።

ደግሞ ይሄ የሞኝ ብቻ ችግር አይደለም። አፕል ልጆች ወላጆቻቸው ሳይፈቅዱ በገዙት ነገር ምክንያት በ2014 ቢያንስ 32 ሚሊዮን ተኩል ዶላር ለደንበኞች እንዲመልስ ከአሜሪካ የንግድ ኮሚሽን ጋር ተስማምቷል። በዚያው ዓመት ጉግልም ቢያንስ 19 ሚሊዮን። አማዞን ሰዎችን በማያሻማ ሁኔታ ሳይስማሙ አባል አድርጓል፣ መውጫውንም አጥሯል ተብሎ በ2023 ተከሰሰ። በክሱ ላይ እንደተጻፈው፣ ሠራተኞቹ የመሰረዣውን ሂደት በሆሜር የጦርነት ግጥም ስም «ኢሊያድ» ይሉት ነበር። ርዝመቱን አስቡት! በ2025 ጉዳዩ በሁለት ቢሊዮን ተኩል ዶላር ስምምነት አለቀ። የተማረ ፈረንጅ በሚሊዮን እየተቆጠረ የገባበት ወጥመድ ነውና፣ ያክስታችሁ ልጅ ቢገባበት አትፍረዱ።

ከሁሉ በላይ ግን ቅደም ተከተሉን አትርሱ። መጀመሪያ ወረቀቱን ጠይቁ። ቀጥሎ ስልኩን ጠይቁ። ሰውን የምትጠይቁት በመጨረሻ ነው፤ ያውም ፊት ለፊት፣ በስሙ ጠርታችሁ፣ ከእናቱ በፊት ለእሱ ነግራችሁ። ወረቀትና ስልክ ቢጠረጠሩ አያዝኑም። ሰው ግን ያዝናል፤ በተለይ የሚሄድበት ሌላ ቤት የሌለው ሰው።

ቸር ሰንብቱልኝ።