የሯጭ ዘመን

የሰው ልጅ ከፈጣሪው ከሚቀበላቸው ጸጋዎች መካከል የእግርን ፍጥነትና የክንድን ብርታት ያህል ፈጥኖ የሚያልፍ የለም፤ የቅኔ መምህር ፀጉሩ ሲሸብት ምሥጢሩ ይጠልቃል፣ ዳኛም በሽምግልናው ወራት ፍርዱ ይበስላል፣ ሯጭ ግን ገና በጎልማሳነቱ የሙያውን ፍጻሜ ያያል። ይሁን እንጂ በሰሜን ሸዋ የዘመሮ ገበሬ የገብስ እሸት የሚበላበት ወራት ጥቂት ስለ ሆነ የዓመቱን ድካም ከንቱ እንደማይለው ሁሉ፣ እኛም የስፖርተኛን ዘመን በርዝመቱ ብቻ ልንመዝነው አይገባንም።

ለዚህ ምስክር የሚሆነን ከዚሁ ከሰሜን ሸዋ ደጋ የወጣው፣ ነሐሴ 1 ቀን 1924 ዓ.ም. በደብረ ብርሃን አካባቢ በጃቶ መንደር የተወለደው ሻምበል አበበ ቢቂላ ነው። በክቡር ዘበኛ በውትድርና ሲያገለግል፣ ስዊድናዊው አሠልጣኝ ኦኒ ኒስካነን ካዘጋጀው በኋላ፣ ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም.፣ በዘመን መለወጫ ዋዜማ፣ በሮም ከተማ በባዶ እግሩ ለማራቶን ተሰለፈ። ፀሐይ ጠልቃ ጎዳናው በችቦ ሲበራ ከሞሮኮው ራዲ ቤን አብደሰላም ጋራ ጎን ለጎን ሲሮጥ ቆይቶ፣ የፋሺስት ሠራዊት ከአገራችን ነቅሎ ከወሰደው ከአክሱም ሐውልት አጠገብ ሲደርስ ባልንጀራውን ጥሎ ገሠገሠና፣ በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰከንድ በቆስጠንጢኖስ የድል ቅስት ሥር ገባ። ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ደግሞ፣ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ከተደረገለት ስድስት ሳምንት እንኳ ሳይሞላ፣ በቶኪዮ በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ አሸንፎ፣ የኦሊምፒክን ማራቶን ሁለት ጊዜ ድል ያደረገ የመጀመሪያው ሰው ሆነ።

እነዚህ ሁለቱ ሩጫዎች ቢደመሩ 4 ሰዓት ከ27 ደቂቃ ከ27 ሰከንድ ብቻ ናቸው፤ የአንድ ክብረ በዓል ማሕሌት እንኳ ከዚህ ይረዝማል። ነገር ግን አገር ያከበሩት፣ ትውልድም ያስነሡት እነዚህ ጥቂት ሰዓታት ናቸው።

የሰውየው ልዕልና ግን በድሉ ብቻ አልተገለጠም። በ1961 ዓ.ም. ጥቅምት በሜክሲኮ እግሩን ታሞ 17ኛው ኪሎ ሜትር ገደማ ሲያቋርጥ ወርቁን የአገሩ ልጅ ማሞ ወልዴ ወሰደ፤ በዚያው ዓመት መጋቢት የመኪና አደጋ ደርሶበት ዓለም ያደነቃቸው እግሮቹ ዳግመኛ የማይራመዱ ሆኑ። እርሱ ግን ድሉንም መከራውንም ከአንድ ፈጣሪ እንደ ተቀበለ እየተናገረ፣ እንደ ጻድቁ ኢዮብ በትዕግሥት ጸና፤ በእንግሊዝ አገር በስቶክ ማንደቪል በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ተቀምጦ ቀስት ወረወረ፣ በኖርዌይም በበረዶ ላይ በውሾች በሚሳብ መንሸራተቻ ተወዳድሮ አሸነፈ። ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም. ሲያርፍ ዕድሜው 41 ዓመት ነበር።

በሩቅ አገርም አርቺባልድ ግራሃም የተባለ አሜሪካዊ ነበረ፤ በ1905 እ.ኤ.አ. ለኒው ዮርክ ጃይንትስ በታላቁ የቤዝቦል ሊግ በአንድ ጨዋታ ብቻ ገብቶ፣ ኳስ የመምታት ተራው ሳይደርሰው ጨዋታው አለቀ። እርሱም የኋላ ዘመኑን በሚኔሶታ በምትገኝ ቺዝም በምትባል የማዕድን ከተማ ሕሙማንን በመፈወስ ፈጸመ። የአንዱ ዝና ምድርን የመላ፣ የሌላው ሜዳ ላይ ያልታየ ቢሆንም፣ ሁለቱም የተሰጣቸው ጊዜ ሲወሰድባቸው የቀረውን ዕድሜ በምሬት አላባከኑትም።

ስለዚህ በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ ደጋ ማለዳ ተነሥተው የሚሮጡት ልጆቻችን፣ ከእነርሱም መካከል ጥቂት ውድድር ብቻ ሮጠው በጉዳት ወደ ቀያቸው የሚመለሱት፣ እንደ ተሸናፊ ሊታዩ አይገባም። የዘመኑን ማጠር የወሰነው ሰጪው ነው፤ በተሰጠው ልክ መታመን ግን የተቀባዩ ፈንታ ነውና፣ የታመነውን ሁሉ ሜዳሊያ ይዞ ቢመጣም ባይመጣም በክብር ተቀብለን፣ ለሁለተኛው ዘመኑ ትምህርትና ሥራ ማዘጋጀት የእኛ ግዴታ ነው።