ከጀጎል ሙዚየሞች፦ ትዝብት

የአውሮፓ ሥዕል አጥንቶ ኩሬተር የሆነ ሰው ሐረር ጀጎል ቢገባ የመጀመሪያው ራስ ምታቱ የራምቦ ቤት ይመስለኛል። ፈረንሳዊው ገጣሚ አርቱር ራምቦ በ1873 ዓ.ም. ሐረር የመጣው ለንግድ ነው፤ ቡናና ቆዳ ነበር ሥራው። በስሙ የሚጠራውን፣ ጣሪያው በሥዕል ያጌጠውን ቤት ግን ከእሱ በኋላ ያሠራው አንድ ሕንዳዊ ነጋዴ መሆኑ ይነገራል። ባለ ስሙ ያልኖረበትን ቤት ማስጎብኘት ቀላል ሙያ አይደለም። ደግነቱ ራምቦ ራሱ ሐረር ውስጥ ያነሳቸው ፎቶዎች ቅጂ እዚያው አለ።

*

የሐረሪ እመቤት ግድግዳዋን በዘፈቀደ አታሰናዳም። ስፌቱም፣ የእንጨት ገበታውም፣ ከባሕር ማዶ የመጣው ሳህንም ቦታ ቦታ አለው። በቀይ አፈር የተለሰነው መደብ፣ ነደባው፣ ማን የት እንደሚቀመጥ ይወስናል። ከበሩ በላይ ተጠቅልሎ የተቀመጠ ምንጣፍ ለጋብቻ የደረሰች ልጅ እንዳለች ይናገራል፤ አስጎብኚዎች እንዲህ ይላሉ። በየዕቃው ሥር መግለጫ መለጠፍ አያስፈልግም፤ አንባቢው ጎረቤት ነው።

*

የአውሮፓ ሥዕል ከተነሣ ኵርዓተ ርእሱን መዝለል አይሆንም። የእሾህ አክሊል የደፋው ይህ የክርስቶስ ሥዕል አውሮፓ ውስጥ ተሥሎ የኛ ሆነ፤ የጎንደር ነገሥታት ለዘመቻ ይዘውት ይወጡ፣ መኳንንትም ይምሉበት ነበር። ሚያዝያ 1860 ዓ.ም. መቅደላ ስትወድቅ ከአፄ ቴዎድሮስ ራስጌ የወሰደው ተራ ወታደር አይደለም። ብሪቲሽ ሙዚየም ከጦሩ ጋር የላከው ባለሙያ፣ ሪቻርድ ሆልምስ ነው። ለሙዚየሙም አላስረከበውም፤ ለራሱ አስቀረው። ብዙ ሳይቆይ የዊንዘር ቤተ መንግሥት የመጻሕፍት ቤት ኃላፊ ሆነ፣ ኋላም «ሰር» ተባለ። የሥራ እድገት ማለት ይኼ ነው! ሥዕሉ ከሞቱ በኋላ ለንደን በጨረታ ተሸጦ፣ ዞሮ ዞሮ ፖርቱጋል ውስጥ በግለሰብ እጅ ገባ።

*

አብዱላሂ አሊ ሸሪፍ በሌላ በር ገቡ። ከ1983 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ በኋላ የከተማቸውን ቅርስ ከየቤቱ ይለቅሙ ጀመር፦ መጽሐፍ፣ ጎራዴ፣ ሳንቲም፣ የድሮ ዘፈን የተቀዳበት ካሴት። መኖሪያ ቤታቸው ውስጥ የከፈቱት ሙዚየም ኋላ የራስ ተፈሪ ቤት ወደሚባለው ሕንፃ ተዛወረ። ስብስቡ ውስጥ ከሺህ በላይ የእጅ ጽሑፍ አለ። እኔን የሚገርመኝ ከቁጥሩ ይልቅ እምነቱ ነው፤ የአያቱን ቁርአን ከሳጥን አውጥቶ የሚሰጥ ሰው ለመዝገብ ቁጥር ብሎ አይሰጥም፣ የሚያውቀውን ሰው ብሎ ነው። ጥራዙ የተበተነውንም በቆዳ መልሶ መጠረዝ የዚያው ቤት ሥራ ሆኗል።

*

ከሐረር የእጅ ጽሑፎች ብዙዎቹ ያረፉበት ወረቀት የጣሊያን ነው። ገጹን ወደ ብርሃን ቢያነሡት ሦስት ጨረቃ ይታያል፤ ለሙስሊሙ ዓለም ገበያ የተሠራ ወረቀት ምልክት ነው። ቬኒስን ፍለጋ ሸራ ላይ ብቻ የሚያፈጥ ሰው ይህን ያልፈዋል።

*

የሐረር ሙዚየሞች ብርቱ ተፎካካሪ ማታ ማታ ከሰው እጅ የሚበላው ጅብ ነው። እንግዳው ገና ከመኪና ሲወርድ የሚጠይቀው «ጅቡ ስንት ሰዓት ነው የሚበላው?» ብሎ ነው።