ሕፃኑ በሁለተኛው ቋንቋ ደጃፍ

«ልጅና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» የሚለው የአበው ብሂል ብዙ ጊዜ የሚጠቀሰው የሕፃን አእምሮ የተቀረጸበትን ሁሉ አጽንቶ የሚይዝ መሆኑን ለማስረዳት ነው። ስለ ቋንቋ በሚነሣ ጭውውት ላይም ይኸው አነጋገር እንደ መደምደሚያ ይቀርባል። ሕፃን ሁለተኛ ቋንቋን ያለ መምህር፣ ያለ መጽሐፍና ያለ ድካም እንደሚለምድ፣ የለመደውንም ዕድሜ ልኩን እንደማይረሳ የማያምን ሰው ጥቂት ነው። እኔ ግን በድሬዳዋ መንደሮችና በቲያትር መድረክ ካየሁት ተነሥቼ፣ ተመራማሪዎች ከጻፉትም ጋር አስተያይቼ፣ ይህ እምነት ግማሽ እውነት ብቻ መሆኑን ለአንባቢ ላቀርብ እወዳለሁ። ሕፃን ያለ ድካም አይማርም፤ የያዘውንም ይለቃል።

የተወለድሁባት ድሬዳዋ፣ ከጂቡቲ የተነሣው የባቡር ሐዲድ በ1895 ዓ.ም. ሲደርስ የተቆረቆረች ከተማ ናት። ከዚራንና መጋላን የሚለየው የደቻቱ ወንዝ አብዛኛውን ጊዜ ውሃ የሌለው አሸዋ በመሆኑ፣ ለእኛ ለሕፃናቱ የሚያገናኝ የኳስ ሜዳ እንጂ የሚለያይ ወሰን አልነበረም። በዚያ አሸዋ ላይ ኦሮምኛ፣ ሶማልኛና አማርኛ በአንድነት ይጮኹበት ነበር። በቤታችን የሚነገረው አማርኛ ብቻ ነው። ሌሎቹን ሁለቱን ማን አስተማረህ ብባል ስሙን የምጠራው አንድም መምህር የለኝም፤ ያስተማረኝ ኳሱ ነው። መጀመሪያ የያዝሁት ቃልም የጨዋታው የመጀመሪያ ቃል ነበር። በኦሮምኛ «ኮቱ»፣ በሶማልኛ «ካላይ»፣ በአማርኛ «ና»።

ይህች ትንሽ ቃል የሕፃናትን የቋንቋ ትምህርት ምሥጢር በውስጧ የያዘች መሆኗን የተረዳሁት ዘግይቼ፣ ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ሥነ ልሳንን በቀመስሁ ጊዜ ነው። ሦስቱም ቋንቋዎች በእርሷ ላይ ከተለመደው ሕግ ይወጣሉ። አማርኛ «መጣ» ብሎ ሲተርክ «ና» ብሎ ያዝዛል፤ ኦሮምኛም «ዹፌ» ብሎ ተርኮ «ኮቱ» ብሎ ይጠራል፤ በሶማልኛም የትረካው ቃል ሌላ፣ የጥሪው ቃል ሌላ ነው። እንግዲህ አማርኛን በሁለተኛ ቋንቋነት የሚለምድ ሕፃን አንዳንድ ጊዜ ጓደኛውን «ምጣ» ብሎ ይጠራል። አዋቂው ይስቃል። ነገር ግን ሕፃኑ ይህን ቃል በዚህ መልኩ ከማን ሰማው? «ወጣ» ካለ «ውጣ» እንደሚል፣ «መጣ» ካለም «ምጣ» ማለት እንደሚገባው በራሱ መርምሮ ደርሶበታል፤ ወይም «አትምጣ» ሲባል ሰምቶ አፍራሹን ነቅሎ ጥሏል። ሁለቱም የሊቅ ሥራ ነው። እንዲሁም ከኦሮምኛ ወይም ከሶማልኛ ቤት የወጣ ልጅ እኅቱን «ና» ብሎ ሲጠራት ወንድና ሴት መለየት ተስኖት አይደለም። «ኮቱ»ም «ካላይ»ም ለወንድም ለሴትም አንድ ናቸውና፣ «ነይ» የምትባል ሌላ ቃል ታስፈልጋለች ብሎ እንዲጠራጠር የሚያደርግ ምክንያት አልነበረውም። ስሕተቱ የመጀመሪያ ቋንቋው ጥላ ነው።

ስለዚህ «ያለ ድካም» የሚለው አነጋገር የሕፃኑን ልፋት ይሰርቅበታል። እ.ኤ.አ. በ1978 ካትሪን ስኖውና ባልደረባዋ በኔዘርላንድስ ሆላንድኛ የሚማሩ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎችን በየዕድሜያቸው አነጻጽረው ነበር። በመጀመሪያዎቹ ወራት ቀድመው የተገኙት ከ12 እስከ 15 ዓመት የሆናቸው ወጣቶችና አዋቂዎች እንጂ ከ3 እስከ 5 ዓመት ያሉት ሕፃናት አልነበሩም። የሕፃን ብልጫ በፍጥነቱ ላይ ሳይሆን በሚደርስበት ርቀት ላይ ነው፤ በተለይም በድምፅ። እ.ኤ.አ. በ1984 ጃኔት ወርከርና ሪቻርድ ቲስ ባወጡት ጥናት፣ ከእንግሊዝኛ ተናጋሪ ቤት የተወለዱ የ6 እና የ8 ወር ሕፃናት የሕንድኛን እንግዳ ድምፆች ሲለዩ፣ ዓመት ሊሞላቸው የተቃረቡት ግን ይህን ችሎታ አብዛኛውን አጥተውት ተገኝተዋል። ጆሮ ገና በጨቅላነቱ የማይፈልገውን መጣል ይጀምራል። የኦሮምኛን «ዸ» በደቻቱ አሸዋ ላይ የለመደና በጎልማሳነቱ የሚሞክራት ሰው አንደበታቸው የሚለያየው በዚህ ምክንያት ነው።

ጆሮውም ቢሆን ለማንኛውም ድምፅ አይከፈትም። ፓትሪሽያ ኩልና ባልደረቦቿ እ.ኤ.አ. በ2003 እንዳስታወቁት፣ የ9 ወር አሜሪካውያን ሕፃናት የቻይንኛን ድምፅ መለየት የቻሉት በአካል አጠገባቸው ተቀምጦ ከሚያጫውታቸው ሰው ሲሰሙ ነው። ያንኑ ድምፅ በቴሌቪዥን የሰሙት ምንም አልያዙም። ቋንቋ ከሰው ወደ ሰው እንጂ ከዕቃ ወደ ሰው አይተላለፍም ማለት ነው።

ለእኔ ለተውኔት ጸሐፊው ግን ከሁሉ ይልቅ ያስደነቀኝ የሊሊ ዎንግ ፊልሞር ጥናት ነው። እ.ኤ.አ. በ1976 በቀረበው በዚህ ጥናት በካሊፎርኒያ የሚገኙ አምስት ስፓኒሽ ተናጋሪ ሕፃናት እንግሊዝኛን እንዴት እንደተማሩ ተከታትላለች። ከሕፃናቱ ዘዴዎች የመጀመሪያው፣ ወደ ጨዋታው ገብቶ ነገሩ ባይገባም እንደገባው ሰው መሆን ነው። ሁለተኛው፣ ጥቂት የተዘጋጁ አባባሎችን እንዳሉ ይዞ መናገር መጀመር ነው። ይህ ከተዋናይ ሥራ በምን ይለያል? ተዋናይ ገጸ ባሕርይውን ገና ሳይረዳው ቃለ ተውኔቱን ያጠናል፣ ይቆማል፣ ይናገራል፤ ትርጉሙ የሚከተለው ከንግግሩ በኋላ ነው። ሕፃኑም በማያውቀው ቋንቋ መድረክ ላይ በመጀመሪያ ይተውናል፣ ከዚያም ያውቃል። የሚያፍር ሰው ሊተውን አይችልምና፣ አዋቂን ወደ ኋላ ከሚጎትቱት ነገሮች አንዱ ኀፍረቱ ይመስለኛል።

ይህን በቤተሰቤ መካከል የማየት ዕድል አግኝቻለሁ። በዋሽንግተን አካባቢ የምትኖረው እኅቴ አምስት ዓመት የሆናትን ልጇን ትምህርት ቤት ባስገባች ጊዜ፣ አንዲት መምህርት «ልጅቷ እንዳትደናገር በቤትም እንግሊዝኛ ብቻ ተናገሩ» የሚል ምክር ሰጠቻት። እኅቴ ተጨንቃ ስልክ ደወለች። «ወንድም ዓለም፣ ልጄን እንዳልጎዳት አማርኛውን ልተወው?» አለችኝ። አጠገቤ የነበሩት እናታችን ነገሩን ሲሰሙ ብዙ አልተናገሩም። «ታዲያ እኔና እሷ በምን ልንነጋገር ነው?» ብቻ አሉ።

በዚያው ክረምት ልጅቷ ከእናቷ ጋር ለሁለት ወር ወደ ድሬዳዋ መጣች። ሦስት ሳምንት ያህል ከጓደኞቿ ጋር አንዲት የአማርኛ ቃል አልወጣትም። የሠፈሩ ልጆች ሱዚና ሰኞ ማክሰኞ ሲጫወቱ ዳር ቆማ ትመለከታለች፤ ሲስቁ ትስቃለች፤ ሲሮጡ ትሮጣለች። አንድ ቀን ግን ድንገት «ተራዬ ነው!» አለች። ከዚያ በኋላ ይህች አባባል ለሁሉም ነገር መሣሪያ ሆነች። ውሃ ስትፈልግም «ተራዬ ነው»፣ ወንበር ስትፈልግም «ተራዬ ነው»፤ የአጎቷ ልጅ በአያቷ ጭን ላይ ተቀምጦ ባገኘችው ጊዜም «ተራዬ ነው» ብላ አስነሣችው። ውሎ አድሮ አባባሉ ተሰነጠቀ። «ተራሽ ነው»፣ «ተራው አይደለም» ማለት ጀመረች፤ ከአንዲት የተውሶ ሐረግ ውስጥ የባለቤትነትን ሕግ በሙሉ ፈልቅቃ አወጣች። አገሯ ስትመለስ አማርኛዋ አሁንም ብዙ ይጎድለው ነበር፤ አያቷን «ና»፣ አጎቷን «ነይ» ትላለች። እናቴ ግን ስለዚህ ምንም ቅሬታ የላቸውም፤ በየሳምንቱ በስልክ ይጠሯታል፣ እርሷም ትመልሳለች። እኅቴም የመምህርቷን ምክር ትታ በቤቷ አማርኛውን ቀጥላለች።

ያ ምክር የአንዲት መምህርት ብቻ አለመሆኑ ነው የሚያሳስበው። ኤሊዛቤት ፒልና ዋላስ ላምበርት በሞንትሪያል ከተማ ባደረጉትና እ.ኤ.አ. በ1962 ባወጡት ጥናት፣ ፈረንሳይኛና እንግሊዝኛ የሚችሉ የ10 ዓመት ልጆች በአእምሮ ፈተና አንድ ቋንቋ ብቻ ከሚያውቁት በልጠው ተገኝተዋል። ሁለተኛ ቋንቋ አእምሮን ያደናግራል የሚለው አስተሳሰብ መሠረቱ ከተናጋ ብዙ ዘመን አልፎታል ማለት ነው። ላምበርት ራሱ በኋላ በሁለት ዓይነት ሁኔታ መካከል ለይቷል። አንዱ አዲሱ ቋንቋ በፊተኛው ላይ የሚታከልበት ነው። ሁለተኛው አዲሱ ሲገባ ፊተኛው የሚቀነስበት ነው። ዎንግ ፊልሞርም እ.ኤ.አ. በ1991 ከአንድ ሺህ በላይ የስደተኛና የልዩ ልዩ ቋንቋ ተናጋሪ ቤተሰቦችን ያካተተ ጥናት አውጥታ፣ ሕፃናቱ እንግሊዝኛን በለጋነታቸው በተማሩ መጠን የቤታቸውን ቋንቋ ለመጣል የተጋለጡ መሆናቸውን አሳይታለች። ብሂሉ የሚሰበረው እዚህ ላይ ነው። ሕፃን የሚይዘው የሚጫወትበትንና የሚከበርበትን ቋንቋ ነው፤ የሚናቅበትን ቋንቋ ከማንም ቀድሞ የሚጥለውም እርሱ ነው።

ነገሩ የባሕር ማዶ ጉዳይ ብቻ አይደለም። በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ውሎ አድሮ በ15 ቋንቋዎች ተካሂዷል፤ በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲም ሕፃናት የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርታቸውን በአፍ መፍቻቸው እንዲማሩ መንገድ ከፍቷል። የአፍ መፍቻው መሬት ከጸና፣ በላዩ የሚታከለው ሁለተኛ ቋንቋ ፎቅ ይሆናል። ፎቁን ግን ሕግና መማሪያ መጽሐፍ ብቻቸውን አይሠሩትም። ጨዋታ ያስፈልጋል፤ የጎረቤት ልጅ ያስፈልጋል፤ የሚተወንበት መድረክ ያስፈልጋል።

እዚህ ላይ የእኛ የኪነ ጥበብ ሰዎች ድርሻ ይመጣል። በአንድ ትርኢት ላይ አንዱ ሕፃን በኦሮምኛ ጠይቆ ሌላው በአማርኛ የሚመልስበት፣ ሦስተኛው በሶማልኛ የሚያሾፍበት የልጆች ተውኔት መጻፍ ይቻላል፤ በደቻቱ አሸዋ ላይ በየቀኑ ያለ ደራሲ ሲሠራ ኖሯልና። የሕፃናት መዝሙር፣ ተረትና እንቆቅልሽም በሁለት ቋንቋ ጎን ለጎን ቢዘጋጅ፣ ልጁ ወደ ባልንጀራው ቋንቋ የሚገባው የራሱን በሩ ላይ አስቀምጦ ሳይሆን በእጁ እንደያዘ ይሆናል። «ና» የሚለው ጥሪ በማንኛውም ቋንቋ ቢነገር የተጠራው ልጅ መሮጡ አይቀርም። ሲሮጥ በቤቱ የቀሩት አያት ቋንቋ ከእጁ እንዳይወድቅ መጠበቅ ግን የእኛ የአዋቂዎቹ ተራ ነው።