የርግብ ሻጩ ልጅ መጨረሻ

ባለፈው ዓመት ለክፍላችን የድርሰት ውድድር ስለ አንድ ሊስትሮ ጻፍሁ። የሰፈሬ ልጅ ነው፤ አባቱ ሲሞት ትምህርቱን ትቶ ሣጥን ተሸከመ። እኔ ግን አንድ ባለጸጋ አግኝቶ አስተማረውና ሐኪም ሆነ ብዬ ታሪኩን ጨረስሁት። ተጨበጨበልኝ። ማታ ለልጁ ባነብለት፣ «ይህ ሰው ማነው?» አለኝ። መልስ አጣሁ።

ይህ ነገር እንደገና ትዝ ያለኝ የጃፓናዊውን የፊልም አዘጋጅ የናጊሳ ኦሺማን ታሪክ ሳነብ ነው። ኦሺማ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1932 ተወልዶ፣ በኪዮቶ ዩኒቨርሲቲ ሕግ ከተማረ በኋላ በ1954 ሾቺኩ በሚባለው ትልቅ የፊልም ኩባንያ በረዳትነት ተቀጠረ። በ1959 በሠራው የመጀመሪያ ፊልሙ አንድ ድኻ ልጅ ርግቦች ይሸጣል፤ ርግቦቹ ቤታቸውን ስለማይረሱ ይመለሱለታል፤ እሱም መልሶ ይሸጣቸዋል። አንዲት የሀብታም ልጅ ወዳጅ ትሆነዋለች፤ ማታለሉን ስታውቅ ግን ርግቢቱን ገዝታ በወንድሟ ጠመንጃ ታስገድላታለች። ኩባንያው በፊልሙ አልተደሰተም። ኦሺማ ያሰበውን የርግብ ሻጩን ልጅ ስም ለውጦ «የፍቅርና የተስፋ ከተማ» አለው። ስሙ ያምር ነበር፤ ርግቢቱ ግን ሞታለች።

በ1960 ደግሞ ኩባንያው «ሌሊትና ጭጋግ በጃፓን» የተባለውን የፖለቲካ ፊልሙን በጥቂት ቀናት ውስጥ ከሲኒማ ቤቶች አነሣው። ኦሺማም ደመወዙን ትቶ ወጣና ከባልንጀሮቹ ጋራ የራሱን ድርጅት አቋቋመ። በ1968 ስለ ሞት ቅጣትና በጃፓን የሚኖሩ ኮሪያውያን ስለሚደርስባቸው ንቀት፣ በ1969 ወላጆቹ ገንዘብ ለማግኘት መኪና የገጨው እንዲመስል ስላስለመዱት ልጅ ፊልም ሠራ። በ2013 እስኪሞት ድረስ የሚያመሰግኑትም የሚቈጡትም ብዙ ነበሩ። ፊልሞቹ ሁሉ ለተማሪ ዓይን የሚገቡ አይደሉም፤ ነገር ግን ተመልካቹን ለማስደሰት ሲል የድኻውን ልጅ ታሪክ አላሳመረም።

እኔም ድርሰቴን እንደገና ጻፍሁት። በአዲሱ ድርሰት ባለጸጋው አይመጣም፤ ልጁ ዝናብ ሲመጣ ሣጥኑን በላስቲክ ሸፍኖ ከአንድ ሱቅ በረንዳ ሥር ይቆማል። ባነበብሁለት ጊዜ ዝም ብሎ አዳመጠና፣ «የማታ ትምህርት መመዝገቢያው መቼ ነው?» ሲል ጠየቀኝ። የመጀመሪያውን ድርሰት ስጽፍ ይህን እንኳ አልጠየቅሁትም ነበር።

ጓደኞቼ ሆይ፣ ለተቸገረ ማዘን መልካም ነው። ነገር ግን ችግሩን በብዕራችን ጨርሰን እፎይ ብንል፣ ያዘንነው ለራሳችን ነው። ነገ ከልጁ ጋራ ወደ መመዝገቢያው እሄዳለሁ።