ካሜራው በማን እጅ ነው?

ጎንደር ሳሉ «ፈላሻ» ይባሉ ነበር፤ አገር የሌለው፣ መጤ ለማለት። እስራኤል ሲገቡ ደግሞ «ኢትዮጵያውያን» ተባሉ። በሁለቱም አገር እንደ ሌላ አገር ሰው የተቆጠረ ሕዝብ «ማን ነህ?» ለሚለው ጥያቄ መልስ ሲሰጥ ነው የኖረው። ስለ ቤተ እስራኤል የሚሠሩ ዘጋቢ ፊልሞችም ብዙ ጊዜ የሚያነሱት ይህንኑ ጥያቄ ነው። ቁም ነገሩ ግን ጠያቂው ማን ነው የሚለው ነው።

ዓለም የዚህን ሕዝብ ጉዞ የሚያስታውሰው በአውሮፕላን ነው። በግንቦት 1983 ዓ.ም. በዘመቻ ሰሎሞን ከ14,000 የሚበልጡ ሰዎች በአንድ ቀን ተኩል ውስጥ ከአዲስ አበባ ተወሰዱ። መቀመጫው የተነቀለ አውሮፕላን፣ ግንባሩ ላይ ቁጥር የተለጠፈበት ሰው። ምስሉ ሐሰት አይደለም። የተቀረጸው ግን ከአዳኙ ወገን ሆኖ ነው። በእንዲህ ዓይነት ምስል ውስጥ የስደተኛው ድርሻ መዳንና ማመስገን ብቻ ነው።

ከአውሮፕላኑ በፊት ግን እግር ነበር። ዘመቻ ሙሴ በኅዳርና በታኅሣሥ 1977 ዓ.ም. ከሱዳን ያወጣቸው ሰዎች 8,000 ያህል ነበሩ። በእግር መንገዱና በሱዳን መጠለያዎች ያለቁት ደግሞ 4,000 ያህል እንደሚሆኑ ይገመታል። የእነዚህን ሰዎች ነገር የሚቀርጽ ካሜራ በቦታው አልነበረም።

አቪሻይ መኮንን ከዚያ መንገድ የተረፈ ልጅ ነው። ሱዳን ውስጥ በልጅነቱ ታፍኖ ተወስዷል። ከሃያ ዓመት ዝምታ በኋላ ይህን የተናገረው እ.ኤ.አ. በ2012 ከባለቤቱ ከሻሪ ሮትፋርብ መኮንን ጋር በሠራው «400 ማይል ወደ ነጻነት» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልም ነው። አፍሪካዊነቱን፣ እስራኤላዊነቱንና አይሁድነቱን የሚመረምረውም እዚያው ላይ ነው። ሃያ ዓመት ዝም ያለ ሰው የሚነግረው አጥቶ አይደለም። «ዳናችሁ፣ ደረሳችሁ» በሚል ታሪክ ውስጥ ለታፈነ ልጅ የሚሆን ቦታ ስለሌለ ነው።

የስደተኛ ማንነት ፊልም ትልቁ ወጥመድም እዚህ ላይ ነው። ለበር ጠባቂው የሚቀርብ ማስረጃ ከሆነ «እኛም እንደ እናንተ ነን» ከማለት አያልፍም። ቤተ እስራኤሎች ይህን ማስረጃ ሲጠየቁ ኖረዋል፤ ለሃይማኖታቸው ብለው በረሃ አቋርጠው ሲደርሱ እንኳ የመለወጥ ሥርዓት ፈጽሙ ተብለዋል። ፊልም ሁለተኛ ፍርድ ቤት ሊሆንባቸው አይገባም። ዋጋው የሚታወቀው ልጅ አባቱን ለመጀመሪያ ጊዜ «መንገድ ላይ ምን ሆናችሁ?» ብሎ እንዲጠይቅ ሲያደርግ ነው።

ይህ ጊዜ የማይሰጥ ጉዳይ ነው። በእግራቸው የተጓዙት ሽማግሌዎች እያለፉ ነው። የሚያስታውሱት በአማርኛና በትግርኛ ነው፤ የልጅ ልጆቻቸው የሚናገሩት ደግሞ ዕብራይስጥ። ቋንቋውን የማያውቅ ፊልም ሠሪ ሰሙን ተርጉሞ ወርቁን ይጥለዋል።

በዋሽንግተንም ሆነ በቤይሩት የሚኖር ሐበሻ ቤት ውስጥ ያልተነገረ መንገድ አለ። እሱን ለማስቀረት የፌስቲቫል ሽልማት መጠበቅ አያስፈልግም። ፈቃድ ጠይቆ፣ ቡና አስፈልቶ፣ ስልክን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ ዝም ብሎ መስማት ይበቃል። እማማ ካለፉ በኋላ የሚመጣ ካሜራ የሚያገኘው ፎቷቸውን ብቻ ነው።