የሩጫ ዕድሜ

ሻምበል አበበ ቢቂላን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ የለም፤ የሩጫ ዘመኑን ርዝመት ግን ቆጥሮ የሚያውቅ ጥቂት ነው። ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. አገሩ የዘመን መለወጫን ዋዜማ ችቦ ሲያበራ፣ እርሱ ደግሞ ወታደሮች ችቦ ይዘው ባበሩት የሮም ጎዳና ላይ በባዶ እግሩ ይሮጥ ነበር። በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰከንድ ቀድሞ ገባ። ጥቅምት 1957 ዓ.ም. ቶኪዮ ላይ፣ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ካደረገ ጥቂት ሳምንታት በኋላ፣ ሁለተኛውን ከአራት ደቂቃ በላይ ቀድሞ ደገመው። ጥቅምት 10 ቀን 1961 ዓ.ም. ሜክሲኮ ላይ ግን እግሩን አሞት 17ኛው ኪሎ ሜትር ገደማ አቋረጠ፤ ድሉን ማሞ ወልዴ ተረከበ። በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር፣ ይነዳት የነበረችው ቮልስዋገን ተገልብጣ እግሮቹ ዳግመኛ ላይራመዱ ቀሩ።

አንባቢ ሆይ፣ ቁጠረው። ዓለም ካወቀው ምሽት አንሥቶ ሜክሲኮ ላይ ከመንገዱ እስከ ወጣባት ቀን ድረስ ስምንት ዓመት ከአርባ ቀን ብቻ ነው።

ይህን እንድቆጥር ያደረገችኝ በወለቃ የምትኖር አንዲት ሸክላ ሠሪ ናት። ወለቃ ከጎንደር ወደ ደባርቅ በሚወስደው መንገድ፣ ከከተማው ስድስት ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ፣ የቤተ እስራኤል መንደር የነበረች ናት። ሕዝቧ ወደ እስራኤል ከሄደ በኋላም የሸክላው ሥራ አልቀረም። ሴቲቱ የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ አላት። ልጁ ጎህ ሳይቀድ ተነሥቶ ዳገቱን ይሮጣል፤ አሠልጣኝ የሚሆነኝ ሰው አዲስ አበባ አገኛለሁ ብሎም ትምህርቱን ሊያቋርጥ ቆርጧል። እኔ መምህር ስለሆንሁ ምክር ፈልጋ መጣች።

«ጋሼ» አለችኝ፣ «ሸክላው እሳት ሳይገባ ቢሰነጠቅ አፍርሼ እንደገና አቦካዋለሁ። የዚህ ልጅ እግር ቢሰበር ምኑን አቦካለሁ?»

ልጁም መልስ አላጣም። ትዕግሥት አሰፋን ጠቀሰልን። እርሷ በ2008 ዓ.ም. በሪዮ ኦሊምፒክ የ800 ሜትር ሯጭ ነበረች፤ ከጉዳት በኋላ ወደ ማራቶን ዞራ በመስከረም 2016 ዓ.ም. በርሊን ላይ በ2 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ከ53 ሰከንድ የዓለምን ክብረ ወሰን ሰበረች። እውነቱን ነው፤ አንዱ ሩጫ ሲያበቃ ሌላው የሚጀመርላቸው አሉ። ሆኖም በየዳገቱ ከሚሮጡት መካከል ስማቸውን ሳንሰማ እግራቸው የሚከዳቸው እጅግ ይበዛሉ።

እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነገር ነው። አበበ ከሯጭነቱ አስቀድሞ የክቡር ዘበኛ ወታደር ነበር። እንጀራው ከማዕረጉ እንጂ ከእግሩ አልነበረም፤ ሩጫው በእንጀራው ላይ የተጨመረ ክብር ነው። እግሩ ሲከዳው ማዕረጉ፣ ደመወዙና የመንግሥቱ ድጋፍ አልከዱትም። ለሕክምና ወደ እንግሊዝ ተላከ፤ በዚያም በስቶክ ማንደቪል፣ በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ በ1962 ዓ.ም. በቀስት ውርወራ ተወዳደረ። በማግሥቱ ዓመት ኖርዌይ ላይ በበረዶ መንሸራተቻ ተወዳድሮ አሸነፈ። ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም. በ41 ዓመቱ እስኪያርፍ ድረስ ስፖርተኛ ነበር። የዛሬው ሯጭ ግን እግሩ ክብሩም እንጀራውም ነው። ጅማቱ በተጎዳ ቀን ሁለቱንም ባንድነት ያጣል።

ስለዚህ ሩጫህን ተው አላልሁትም። እንዲህ ያለውን ቃል እናትም ልትናገረው አልደፈረችም። «አበበ ቀስት ያነሣው እግሩ ካለፈ በኋላ ነው፤ አንተ ግን እግርህ ሳለ ቀስትህን ምረጥ» አልሁት። የአንድ ዓመት ትምህርት ብቻ ቀርቶት ነበር። ዝም ብሎ ሰማኝ፤ እሺም እምቢም አላለኝም።

በመስከረም ለአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተመዘገበ። ዳገቱንም አልተወውም፤ አሁን ግን ቀድሞ ከሚነሣበት ሰዓት አንድ ሰዓት ቀንሶ፣ ደብተሩን ከእናቱ የሸክላ መደብ ላይ አኑሮ ይወጣል።