ግንባሩ ላይ «ሰ» ያለበት ትል

እኔ የሌሊት ጥበቃ ነኝ። የምሠራው አዲስ አበባ፣ ንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ፣ ጀሞ ውስጥ ነው። ጀሞ ዛሬ ፎቅ በፎቅ ሆኗል። ድሮ ግን እርሻ ነበር።

የጥበቃ ሌሊት ረጅም ነው። በሩ ላይ አንድ አምፖል አለ። ክረምት ሲገባ፣ ዝናቡ ጋብ ባለበት ማታ፣ አምፖሉን የእሳት እራት ይከበዋል። ትንሽ አለ፤ ትልቅ አለ። አመድ የመሰለ አለ፤ ደረቅ ቅጠል የመሰለ አለ። እኔም ቁጭ ብዬ አያለሁ። ሌላ ምን ሥራ አለኝ?

ጠዋት ወደ ቤቴ ስሄድ ደግሞ በወንዝ ዳር አልፋለሁ። እዚያ ያለው ቢራቢሮ ነው። በመስከረም አደይ ሲፈነዳ ነጩም ቢጫውም ይወጣል።

ሁለቱ ዘመዳሞች ናቸው። ክንፋቸውን ብትነኩት እጃችሁ ላይ ዱቄት የመሰለ ነገር ይቀራል። በደንብ ሲታይ ግን ዱቄት አይደለም። እንደ ዓሣ ቅርፊት ተደራርቦ ክንፉን ያለበሰው ነው።

ታዲያ በምን ይለያሉ? ቢራቢሮ የሚበረው ቀን ነው። የእሳት እራት አብዛኛው የሚወጣው ማታ ነው። ቢራቢሮ ሲያርፍ ብዙውን ጊዜ ክንፉን እንደ ሁለት መዳፍ አጋጥሞ ወደ ላይ ያቆመዋል። የእሳት እራት ግን እንደ ጎጆ ክዳን ወደ ጎንና ወደ ጎን ዘርግቶ ገላውን ይሸፍንበታል። ራሳቸው ላይ ሁለት ቀጫጭን ቀንዶች አሉ። እነሱንም እዩ። የቢራቢሮው ቀንድ ጫፉ ላይ እንደ ክብሪት እንጨት እብጥ ይላል። የእሳት እራቱ ወይ እንደ ክር ቀጥ ያለ ነው፤ ወይ እንደ ላባ የተበተነ ነው። ቀን የሚበር የእሳት እራትም ስላለ በአንድ ምልክት ብቻ አትፍረዱ።

ይህን ማወቅ ለገበሬ ምን ይረባዋል የሚል ይኖር ይሆናል። እኔ ይረባዋል እላለሁ። ክንፍ ያለው ራሱ ሰብል አይበላም። የአበባ ማር ይመጣል፤ አንዳንዱ እንዲያውም ምንም አይቀምስም። የሚበላው ልጁ ነው፤ ትሉ። ሣጥን ውስጥ ያለውን የሱፍ ልብስ የሚበሳው ብልም እንዲሁ ነው፤ ጥፋቱ የትሉ ነው። ስለዚህ የትኛው እናት የትኛውን ትል እንደምትወልድ ያላወቀ ሰው ንጹሑን ይከሳል።

አጎቴ ያሉት ቡሬ ነው፣ ጎጃም። አንድ ጥማድ በቆሎ ይዘራሉ። ፊደል የቆጠሩት በስተርጅና ነው። በ2010 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ ስልክ ደወሉልኝ።

«ልጄ፣ በቆሎዬ አለቀ» አሉኝ። «ቀን ቀን ነጭ ቢራቢሮ ሲያንዣብብበት ሰነበተ። እሱ ነው የጨረሰኝ። በጌን ሸጬ መርዝ ልገዛ ነው።»

«ጋሼ፣ ነጩ ቢራቢሮ እንቁላሉን የሚጥለው ጎመን ላይ ነው፤ በቆሎ አይነካም» አልኳቸው። «በጉን ለጊዜው ይተዉት። ማሳው ውስጥ ይግቡና ትሉን ይዩልኝ።»

ምን እንዲያዩ እንደምነግራቸው አውቅ ነበር። ባለፈው ክረምት እዚያው አገር ቤት ሄጄ ሳለ አንድ የግብርና ባለሙያ ትሉን በመዳፉ ይዞ አሳይቶን ነበር። የአሜሪካ ተምች ይሉታል። መነሻው አሜሪካ ነው። ወደ አፍሪካ የገባው በ2008 ዓ.ም. ሲሆን፣ አገራችን የደረሰው በ2009 ዓ.ም. ነው። እናቱ አመድማ የእሳት እራት ናት፤ የምትበረው በሌሊት ነው። በአንድ ሌሊት 100 ኪሎ ሜትር ያህል ልትጓዝ ትችላለች። በአንድ ቦታ ከ100 እስከ 200 እንቁላል ጥላ እንደ ጥጥ ባለ ብናኝ ትሸፍነዋለች። በሕይወቷ ከ1,000 በላይ ትጥላለች። በሞቃት አገር እንቁላሉ ተፈልፍሎ፣ ትል ሆኖ፣ አፈር ውስጥ ተኝቶ፣ ክንፍ እስኪያወጣ 30 ቀን ገደማ ይበቃዋል።

አባቶቻችን የሚያውቁት ተምች ሌላ ነው። እሱ እንደ ጦር ሠራዊት ተሰልፎ ሣሩንም ጤፉንም እያጨደ ይሄዳል። ይሄኛው ግን በበቆሎው እምብርት፣ አዲሱ ቅጠል ተጠቅልሎ በሚወጣበት መሃል ይደበቃል። ከላዩ እንደ መጋዝ ብናኝ ያለ ኩሱን ይከምርበታል። መርዝ ከላይ ቢረጭ እዚያ ድረስ መግባቱ ያጠራጥራል።

አጎቴ ስልኩን እንደያዙ ገቡ። አንዱን አውጥተው በእንጨት አገላበጡት።

«ግንባሩን ይዩ» አልኳቸው። «ምን ተጽፎበታል?»

ዝም አሉ። ከዚያ «ሰ!» አሉ። «ነጣ ያለች ሰ አለችበት።»

እውነት ነው። አንድ እግር ወደ ላይ፣ ሁለት እግር ወደ ታች፤ ልክ እንደ ፊደላችን «ሰ»። ግን ይህ ብቻውን አይበቃም። የድሮው ተምችም ግንባሩ ላይ ደብዘዝ ያለ ምልክት ሊኖረው ይችላል።

«አሁን ወደ ጭራው ይሂዱ» አልኳቸው። «ከመጨረሻው ክፍል በፊት ያለውን ይዩ።»

«አራት ጥቁር ነጥብ አለበት። ሁለት ከላይ፣ ሁለት ከታች።» ትንሽ ቆዩና ሳቁ። «ይሄ ትል እኮ በሰ ጀምሮ በአራት ነጥብ ጨርሷል!»

በእነዚህ አራት ነጥቦች ነው የሚታወቀው። ነጥቦቹ አራት ማዕዘን ሠርተው ይቀመጣሉ። አገዳ ቆርቋሪው ትል እንዲህ ያለ ጽሕፈት የለበትም።

በጉ አልተሸጠም። ማሳው ትንሽ፣ ትሉም ገና ለጋ ስለነበር፣ አጎቴ ከነልጆቻቸው ጠዋትና ማታ እየገቡ በእጅ ለቀሙት። እንቁላሉን ቅጠሉ ላይ እንዳለ ጨፈለቁት። የለቀሙትን ዶሮዎቹ ተቀራመቱት። በእምብርቱም አፈር ጨመሩበት። የቀበሌው ባለሙያም መጥቶ አየው። ማሳው ሰፊ ቢሆን ወይም ትሉ ቢበረታ መርዙ የቱ እንደሆነና እንዴት እንደሚረጭ መጠየቅ ያለበት እሱን ነው። የአጎቴ ቀፎዎች ማሳው ዳር ናቸው፤ ያለ ምክር የተረጨ መርዝ ንቡንም ይፈጃል። ሙሉ ምርት አልነበረም፤ ግን ሰባት ኩንታል ገባ።

ከዚያ ወዲህ አጎቴ በየጊዜው ይደውላሉ። ባለፈው ደግሞ ሎሚያቸው ላይ አረንጓዴ ትል አገኙ። ሲነኩት ከአናቱ ብርቱካናማ ቀንድ አውጥቶ ሸተተባቸው። እሱ የቢራቢሮ ልጅ ነው፤ የዚያ ትልቁ፣ በጥቁር ክንፉ ላይ ቢጫ ነጠብጣብ ያለበት። ዛፉ ትልቅ ከሆነ ሁለት ሦስቱ አይጎዱትም አልኳቸው።

«እንግዲያው ይደግ» አሉ።